«መስፈርቱን አላሟላችሁም»፤ የትኛውን?

ከመካኒሳ ወደ ጀሞ በሚወስደው መንገድ ዳር ከታች ፋርማሲና ካፌ፣ ከላይ ኮሌጅ የሆነ ሕንፃ አይጠፋም። ባለፈው ክረምት የእህቴን ልጅ ላስመዘግብ ለቡ አካባቢ ወዳለ አንድ ኮሌጅ ወጣሁ። ሬጅስትራር መስኮቱ አጠገብ የእውቅና ፈቃዱ በመስታወት ፍሬም ተሰቅሏል። አንዲት እናት ነጠላቸውን ሰብሰብ አድርገው ተጠጉና ጣታቸውን መስታወቱ ላይ እያስኬዱ የፕሮግራሙን ስም፣ የካምፓሱን ስም፣ ፈቃዱ የሚያበቃበትን ቀን አነበቡ። ገንዘባቸውን ከቦርሳ ያወጡት ከዚያ በኋላ ነው።

የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን እውቅና የሚሰጠው ለተቋሙ በጅምላ ሳይሆን ለየፕሮግራሙና ለየካምፓሱ ነው። ነርሲንግ የተፈቀደለት ኮሌጅ ፋርማሲ ልክፈት ካለ እንደገና ማመልከት አለበት። እምቢ የመባል አጋጣሚው ብዙ ነውና እምቢታው እንዴት እንደሚነገር ሊያሳስበን ይገባል።

የቁጥጥሩን ጥብቅነት አልቃወምም። በ2015 ዓ.ም. የመውጫ ፈተና በሁሉም የመጀመሪያ ዲግሪ ተመራቂዎች ላይ ሲጀመር፣ ከግል ተቋማት ከተፈተኑት ያለፉት 17 በመቶ ገደማ ብቻ ነበሩ። ያን ውጤት አይቶ «ተዉአቸው» የሚል ሰው ስለ ተማሪው አላሰበም። ባለሥልጣኑ የግል ተቋማቱ ዳግም እንዲመዘገቡ ማድረጉም ተገቢ ነበር። እኔን የሚቆረቁረኝ አካሄዱ ነው።

«መስፈርቱን ባለማሟላታችሁ ጥያቄያችሁ ተቀባይነት አላገኘም» የሚለውን ዓረፍተ ነገር፣ የመንግሥት ቢሮ ደጅ የጠና ሰው ሁሉ ያውቀዋል። እንዲህ ያለ ደብዳቤ የደረሰው ኮሌጅ ምኑን ያርም? የጎደለው ሁለተኛ ዲግሪ ያለው መምህር ነው? የቤተ ሙከራ ማይክሮስኮፕ ነው? ወይስ የሕንፃው የኪራይ ውል ዕድሜ? ጉድለቱ ከተነገረው መምህር ይቀጥራል፣ ዕቃ ይገዛል። ካልተነገረው ጉዳይ የሚያስፈጽምለት ሰው ፍለጋ ይወጣል። ምክንያት ያልተጻፈበት ደብዳቤ የደላላ እንጀራ ነው።

ሕጉ ደግሞ አለ። የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ውሳኔው የሚነካው ወገን አስቀድሞ እንዲሰማ፣ ውሳኔውም ከነምክንያቱ በጽሑፍ እንዲሰጥ ያዛል። ቅር የተሰኘ ወገን በመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ አልፎ ውሳኔውን በፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሊያስከልስ ይችላል።

ከዚህ ሁሉ አጥብቄ የምይዘው «አስቀድሞ» የምትለዋን ቃል ነው። ገምጋሚዎች ካምፓሱን ዞረው የጻፉት ሪፖርት ውሳኔ ሳይሰጥበት ለኮሌጁ ይድረስ። «ቤተ መጻሕፍቱ 40 ወንበር ብቻ አለው» የተባለው፣ በዚያ ቀን ቁልፉ የጠፋ ሁለተኛ ክፍል ስለነበረ ቢሆንስ? ይህን ለማጣራት አንድ ደብዳቤና ጥቂት ቀናት ይበቃሉ። ውሳኔ ከተፈረመ በኋላ ግን ያው ስህተት ፍርድ ቤት ለፍርድ ቤት የሚያንከራትት ክርክር ይሆናል፤ ሴሚስተሩም አይጠብቅም። አያቶቻችን እንኳ ዳኛ ፊት በልሃ ልበልሃ ሲባባሉ ሁለቱም ወገን ተራውን ያገኝ ነበር።

ነሐሴ 2002 ዓ.ም. የሆነውን እናስታውስ። ትምህርት ሚኒስቴር የርቀት ትምህርትን በድንገት አገደ፤ የግል ተቋማቱም የሕግና የመምህርነት ሥልጠና እንዳይሰጡ ተከለከሉ። የርቀት ትምህርት እገዳው በኋላ ላይ ተነሥቷል፤ ያነሣውም ንግግር ነው። ንግግሩ ግን የመጣው ከእገዳው በኋላ ነበር። በመካከሉ ከክፍለ ሀገር ሆኖ፣ ከደመወዙ ቆጥቦ ሊመዘገብ የተዘጋጀው ሠራተኛ የሚናገርበት መድረክ አልነበረውም።

ያን ቀን ከእናቲቱ ቀጥዬ እኔም ፍሬሙን አነበብኩ። ፈቃዱ የሚያበቃው የእህቴ ልጅ ከመመረቋ በፊት ነው። ኮሌጁ እድሳት ይጠይቃል፤ ምናልባትም ይከለከላል፣ ምናልባትም መከለከሉ ተገቢ ይሆናል። እንዲያ ከሆነ ደብዳቤው የትኛው ቤተ ሙከራ፣ የትኛው መምህር፣ እስከ መቼ እንደሚስተካከል ይጻፍበት፤ የተመዘገቡት ልጆችም የት ሄደው እንደሚጨርሱ ይጻፍበት።