መጨረሻውን ነገርኳችሁ፤ አነበባችሁት ማለት ነው?

ሰሞኑን ስለ መጽሐፍ ወሬ በተነሳ ቁጥር የምትገጥመኝ አንዲት ዓረፍተ ነገር አለች፤ «እሱን እንኳ አውቀዋለሁ» የምትል። አንብበኸዋል? ስትሉት «ሪካፑን አይቻለሁ» ይላችኋል። ዓመታት የፈጀ ታሪክ በአሥር ደቂቃ ቪዲዮ፣ ያውም ፍጥነቱን ጨምሮ! ወሬው ስለ ኮሚክ ከሆነማ ሙግቱ ይብሳል። «ለሥዕል ደግሞ ምን መጨረስ ያስፈልገዋል? ገለጥ ገለጥ አድርገሽ አትተይውም?»

አልተውም። ለምን እንደማልተው በአንድ መጽሐፍ ላስረዳ።

መጽሐፉ «ቦን» ይባላል። አሜሪካዊው ጄፍ ስሚዝ እ.ኤ.አ. ከ1991 እስከ 2004 በ55 ቁጥሮች ያወጣው የፋንታሲ ኮሚክ ነው፤ አንድ ላይ ሲጠረዝ ከ1,300 ገጽ በላይ ይሆናል። ስሚዝ ገጸ ባሕርያቱን መሣል የጀመረው ገና ሕፃን ሳለ ነበር። በ1980ዎቹ በኦሃዮ ስቴት ዩኒቨርሲቲ የተማሪዎች ጋዜጣ ላይ አወጣቸው (የተማሪ ጋዜጣን የምትንቁ ልብ በሉልኝ)፤ በኋላም የራሱን ትንሽ አሳታሚ ድርጅት አቋቁሞ በጥቁርና ነጭ ያሳትመው ጀመር።

አጀማመሩ የቀልድ ነው። ሦስት ነጫጭ፣ ባለ ትልልቅ አፍንጫ የአጎት ልጆች ቦንቪል ከተባለች ከተማቸው ሸሽተው በረሃ ላይ መንገድ ይጠፋቸዋል። ጥፋቱ የፎኒ ቦን ነው፤ ገንዘብ ሲያይ ነፍሱን የማያውቅ፣ ለከንቲባነት ልወዳደር ብሎ የከተማውን ሕዝብ ያስነሳባቸው። ከዚያ አንድ ሸለቆ ውስጥ ይገባሉ። እዚያ አንዲት አሮጊት ከላሞች ጋር ሩጫ ትወዳደራለች። ፎኒ በውርርዱ ያጭበረብራል። ደጉ ፎን ቦን ደግሞ የአሮጊቷን የልጅ ልጅ ቶርንን ወድዶ ግጥም ሲጽፍ ይውላል። የሚያሳድዷቸው አይጥ መሰል አውሬዎች እንኳ ያሳዷቸውን እንዴት አብስለን እንብላ እያሉ እርስ በርስ የሚጨቃጨቁ ናቸው።

«ገለጥ ገለጥ» የሚለው ወዳጄ እዚህ ላይ ያቆማል። ፍርዱንም ይሰጣል፤ የልጆች ካርቱን!

ያላየውን ልንገረው። ቶርን የወደቀ ንጉሣዊ ቤት ወራሽ ናት። ላም የምታሯሩጠው አያቷ የቀድሞዋ ንግሥት ናት። ፊቷን ሸፍና ጠላትን የምትመራው ደግሞ የዚያች አያት እህት ናት። ያ ስንስቅበት የነበረ ሸለቆ ይቃጠላል። በላሞቹ ሩጫ ዘመን ከፎኒ ጋር ሲነታረክ ያሳቀን የመጠጥ ቤት ባለቤት ሉሺየስም ከጦርነቱ አይተርፍም። መጀመሪያ ላይ ያልሳቀበት ሰው መጨረሻ ላይ ምኑን ያዝናል?

ከሁሉ የሚገርመኝ የፊኛው ነገር ነው። አውሬዎቹ ደረቱ ላይ ኮከብ ያለበትን ፎኒን ለምን ያን ያህል እንደሚፈልጉት ለረጅም ጊዜ አይገባችሁም። ኋላ ላይ ነው የሚገለጠው። ፎኒ ለምረጡኝ ቅስቀሳው ያሠራውን የራሱን ምስል የያዘ ግዙፍ ፊኛ ነፋስ እዚያ ሸለቆ አድርሶታል። መፈክሩ ደግሞ ግማሹ ተቆርጦ ስለነበር የምርጫ ልመናው ዛቻ ሆኖ ተነቧል። ጠላትም ትልቅ ምልክት ነው ብሎ አመነ። የአንድ ከንቱ ሰው የቅስቀሳ ፊኛ የሌላ አገር ሕዝብ መከራ ሆነ ማለት ነው። ነገር ከሥሩ ውሃ ከጥሩ የሚባለው ለዚህ ነው፤ ግን ሥሩን የምታገኙት መቶ መቶ ገጾችን ከቆፈራችሁ በኋላ ነው። አቋርጦ የሄደ ሰው ቀልድ ብቻ ይዞ ሄዷል።

«ጊዜ የለም» ትሉኛላችሁ። ይሁን። የሰለቻችሁን መጽሐፍ ወርውሩት፣ መብታችሁ ነው። የምቃወመው ወርውሮ መፍረድን ነው። እ.ኤ.አ. በ2013 የአሜሪካ ቤተ መጻሕፍት ማኅበር ብዙ ተቃውሞ ከቀረበባቸው አሥር መጻሕፍት አንዱ አድርጎ የመዘገበው ይህንኑ «ቦን»ን ነበር። ከቀረቡት ምክንያቶች አንዱ ዓመፅ አለበት የሚል ነው። አዎ አለበት! ግን አንድ የውጊያ ገጽ ነጥሎ ማሳየትና ያ ውጊያ ማንን እንደበላ እስከ ፍጻሜው መከተል አንድ አይደለም።

«ፊልሙ ሲወጣ አየዋለሁ» የሚሉም አሉ። ኔትፍሊክስ እ.ኤ.አ. በ2019 አኒሜሽኑን ሊሠራ ነው ተባለ፤ በ2022 ተወው። የጠበቁት እስካሁን እየጠበቁ ነው። መጽሐፉ ግን ከ2004 ጀምሮ ያለቀ ነው።

እንግዲህ መጨረሻውን ልንገራችሁ፣ ስፖይለር ብላችሁ ስደቡኝ። ጠላት ይሸነፋል። ቶርን ትነግሣለች። ቦኖቹ ወደ ቦንቪል ይመለሳሉ። ፎን ቦን የሚወዳትን ልጅ ተሰናብቶ ይሄዳል። አለቀ። አራት ዓረፍተ ነገር።

ምን ተሰማችሁ? ምንም። ሊሰማችሁም አይችልም። ፎን ቦን መጀመሪያ ላይ ብቻውን ሸለቆው ውስጥ ሲጠፋ ምኞቱ ዘመዶቹን አግኝቶ ወደ ቤቱ መመለስ ብቻ ነበር። ክረምቱን በረዶው መንገድ ዘግቶበት ከቶርንና ከአያቷ ጋር ከርሟል። ከዚያ በኋላ በየገጹ «ቤት» የሚለው ቃል ትርጉሙን ሲቀይር አብራችሁት ካልኖራችሁ፣ ቤቱ መመለሱ ለምን ልብ እንደሚሰብር ማን ያስረዳችኋል? ኮሚክ ደግሞ ሌላም ጉድ አለው። ስሚዝ ቃል የሌላቸው ገጾች ይሣላል። ፊት ብቻ፣ በረዶ ብቻ፣ ዝምታ ብቻ። ሪካፕ የሚያነበንበው ሰውዬ ዝምታውን ምን ብሎ ያነብልናል?

ጋዜጠኝነት ስማር የዜናውን ፍሬ ነገር መጀመሪያው አንቀጽ ላይ አስቀምጪ ተብያለሁ፤ ትክክልም ነው፣ ለዜና። ችግሩ ሁሉን ነገር እንደ ዜና ማንበብ መጀመራችን ነው። ዜናውን ራሱንም ከርዕሱ አናልፍም፤ ርዕስ አንብበን እናጋራለን፣ ርዕስ አንብበን እንሳደባለን። ወላጆቻችን አንድ ነገር ሲጀመር «ፍጻሜውን ያሳምርልን» ይላሉ። እኛ ፍጻሜ ድረስ መቆየት ካቃተን ምርቃቱ ለማን ነው?

«ቦን» የልጆች ነው፣ አሰልቺ ነው፣ ከመጠን በላይ ተወድሷል የምትሉ ካላችሁ እንከራከር፣ ደስ ይለኛል። ግን 1,300ኛው ገጽ ላይ እንገናኝ።