ካሜራና ችሎት፦ ዘጋቢ ፊልም በወንጀል ፍትሕ ማሻሻያ ያለው ሚናና ገደብ

በ1989 ዓ.ም በአርሲ አንዲት የ14 ዓመት ተማሪ ከትምህርት ቤት ስትመለስ ለጋብቻ ተጠለፈች። ከተደፈረች በኋላ ለማምለጥ ስትሞክር ጠላፊዋን በጥይት በመግደሏ በነፍስ ግድያ ተከሰሰች። የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ጥብቅና ቆሞላት፣ ድርጊቱን ራሷን ለመከላከል መፈጸሟ ታምኖ በፍርድ ቤት ነፃ ወጣች።

በወቅቱ ሥራ ላይ የነበረው የ1949 ዓ.ም የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ፣ ጠላፊው የጠለፋትን ሴት ካገባ ከቅጣት የሚያመልጥበትን መንገድ ይከፍት ነበር። ጉዳዩ በ1999 እ.ኤ.አ. በቢቢሲ ዘጋቢ ፊልም፣ በ2014 እ.ኤ.አ. ደግሞ በዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» የተሰኘ ልብ ወለድ ፊልም ለዓለም ተመልካች ቀርቧል። ሕጉ ግን «ድፍረት» ከመታየቱ በፊት ተለውጧል። ለውጡን ያመጡት ችሎት ላይ የተደረገ ክርክርና የሴቶች መብት ተሟጋቾች ለዓመታት ያደረጉት ጥረት ናቸው፤ የፊልም ድርሻ በአንድ መዝገብ ውስጥ የነበረውን በደል የብዙኃን ጉዳይ ማድረግ ነው።

ከግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም ጀምሮ በሥራ ላይ ያለው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 587 ጠለፋን ከ3 እስከ 10 ዓመት በሚደርስ ጽኑ እስራት ይቀጣል። ጠለፋው በአስገድዶ መድፈር ከታጀበ ለዚሁ ወንጀል የተደነገገው ቅጣት ተፈጻሚ ይሆናል። ከጠለፋ በኋላ የሚፈጸም ጋብቻም ከወንጀል ተጠያቂነት አያድንም።

ሆኖም ካሜራ ዳኛ አይደለም። በታኅሣሥ 2011 ዓ.ም በቴሌቪዥን የተሰራጨው «የፍትሕ ሰቆቃ» በእስር ቤቶች የተፈጸመን ሥቃይ በተጎጂዎች አንደበት ለሕዝብ አሳይቷል። ይህን መሰል ዝግጅት የበደልን መጠን ቢያሳውቅም፣ ጉዳዩ በፍርድ ከመቋጨቱ በፊት ሲሰራጭ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20 ከተረጋገጠው እንደ ጥፋተኛ ያለመቆጠር መብት ጋር ሊጋጭ ይችላል። የተበዳይም መብት እንዲሁ ጥንቃቄን ይሻል፤ «ድፍረት» በ2006 ዓ.ም መጨረሻ በአዲስ አበባ ሊመረቅ ሲል፣ የባለታሪኳ ፈቃድ አልተጠየቀም በሚል በቀረበ አቤቱታ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ታግዶ ነበር።

ይህ ሁኔታ በኡራኤል፣ በካዛንቺስም ሆነ በሌላ አካባቢ በእጅ ስልኩ ወንጀል የቀረጸን ማንኛውንም ነዋሪ ይመለከታል። በወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 11 መሠረት ማንኛውም ሰው፣ ድርጊቱን በዓይኑ ባያይም እንኳ፣ ወንጀል መፈጸሙን ለማመልከት መብት አለው። የተቀረጸውን ምስል ሳይቆርጡና ሳያቀናብሩ እንዳለ ጠብቆ ለፖሊስ ማስረከብ ለማስረጃነቱ ይበጃል። የጾታዊ ጥቃት ተጎጂን ማንነት የሚገልጽ ምስል በማኅበራዊ ሚዲያ ማሰራጨት ግን ተጎጂዋን ለሁለተኛ ጊዜ መበደል ነው። ጠበቃ ለማቆም አቅም የሌለውና በዚህም ምክንያት ፍትሕ ሊጓደልበት የሚችል ተከሳሽ በመንግሥት ወጪ ጠበቃ የማግኘት ሕገ መንግሥታዊ መብት አለው።

ፊልም የተደበቀን በደል ወደ አደባባይ ያወጣል፤ እውነቱን አጣርቶ የሚፈርደው ግን ችሎት ነው።