ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ ከሞያሌ ሲታዩ

ከጦር ሜዳ ወደ ምክር ቤት የሚያሻግረውን መንገድ በአገራችን ከሁሉ ርቀው የሄዱት ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ ዲነግዴ ናቸው። ገና በለጋ ዕድሜያቸው በጦርነት ተማርከው ከጨቦ ወደ ሸዋ ቤተ መንግሥት የመጡት እኒህ ሰው፣ በ1888 ዓ.ም. ፊታውራሪ ገበየሁ በዐድዋ ከወደቁ በኋላ ማዕረጉን ተቀብለው፣ በ1900 ዓ.ም. አፄ ምኒልክ ሚኒስትሮችን ሲሾሙ የመጀመሪያው የጦር ሚኒስትር ሆነው፣ ጥቅምት 17 ቀን 1909 ዓ.ም. በሰገሌ የንጉሥ ሚካኤልን ጦር ድል ካደረጉት አለቆች መካከል ቀድመው የሚጠሩ ሆነው፣ በ1919 ዓ.ም. እስኪያርፉ ድረስ ከንግሥት ዘውዲቱና ከአልጋ ወራሽ ተፈሪ ጋር የመንግሥቱን ሸክም ተሸክመዋል። አዲስ አበባ የምታውቃቸው በፍርድ ዐዋቂነታቸውና አባ መላ በተባሉበት ብልሃታቸው ነው፤ ምስጋናውም የተገባ ነው።

ነገር ግን ይህን የምጽፈው ከኬንያዋ ሞያሌ ነውና፣ ከቤተ መንግሥቱ መስኮት የማይታየውን ወገን ማንሣት ግዴታዬ ነው። በ1889 ዓ.ም. ቦረናን ያስገበረው ዘመቻ በእርሳቸው የተመራ ነበረ፤ አገሩም ከግዛቶቻቸው አንዱ ሆነ። ከዘመቻው በኋላ ነፍጠኛ በየአምባው ሰፈረ፣ ባላገሩ ገባር ተባለ፣ የከብቱም ጌታ ግብር ከፋይ ሆነ። ለአንድነት የተደከመውን ድካም አልክድም፤ ሆኖም ድል የተነሣው ሕዝብ የከፈለው ዋጋ ሳይነገር የአሸናፊው ገድል ሙሉ ታሪክ ነው ማለት አይቻልም።

እንግሊዞችም ከደቡብ ይመጡ ነበር። በ1895 ዓ.ም. ሻምበል ፊሊፕ ሞድ የሚባል መሐንዲስ መኰንን አገሩን እየለካ የድንበሩን መስመር አሰመረ፤ በኬንያዋ ሞያሌ የቆመውም ምሽግ፣ ከወታደርነት ወደ ዲፕሎማሲ ተሻግሮ በአዲስ አበባ የእንግሊዝ መልእክተኛ በነበረው በሌተና ኮሎኔል ጆን ሐሪንግተን ስም ፎርት ሐሪንግተን ተባለ። የድንበሩ ውል የተፈረመው ኅዳር 26 ቀን 1900 ዓ.ም. ነው፤ ፊታውራሪ የጦር ሚኒስትር ከሆኑ ገና ጥቂት ሳምንታት ማለፋቸው ነበር።

በዚያ ውል ውስጥ ከሁሉ አብልጬ የማከብረው አንድ ቃል አለ፤ በመስመሩ ግራና ቀኝ ያሉ ነገዶች እንደ ቀድሞው በወዲያኛው ወገን ግጦሽ እንዲጠቀሙ፣ ወደ ውኃ ጉድጓዶችም በነፃ እንዲደርሱ ይፈቅዳል። ይህ ምን ማለት እንደ ሆነ ለመረዳት በያቤሎ መንገድ እስከ ዱብሉቅ መውጣት ይበቃል፤ ቱላ በሚባሉት ጥልቅ ጉድጓዶች ወጣቶች ከታች እስከ ላይ ተደርድረው በዜማ እየተቀባበሉ ውኃውን ወደ ገንዳው ያወጡታል፤ የማንኛው መንጋ መቼ እንደሚጠጣ የሚያዝዘውም አባ ሄሬጋ ነው፤ ተራ ያልደረሰው፣ ሀብታምም ቢሆን፣ ይጠብቃል። ይህ ሥርዓት ከመኰንኖቹ መምጣት አስቀድሞ የነበረ፣ ከእነርሱም በኋላ የጸና ነው። መስመሩን የተፈራረሙት ወገኖች እንኳ ሊያፈርሱት አልደፈሩም፤ ይህንም ከሥራቸው ሁሉ መልካሙ እለዋለሁ።

እንግዲህ ስለ ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ መጽሐፍ የምትጽፉ፣ በየትምህርት ቤቱም ስማቸውን የምታስተምሩ ሆይ፣ አዲስ አበባ ያለውን ቃል ከሰማችሁ በኋላ ወደ ቦረና ውረዱ፤ ከሁለቱም ሞያሌዎች የገዳ ሽማግሌዎችን ጠይቁ፤ የነገሯችሁንም ሳትቀንሱ ከገድሉ ጎን ጻፉት።