የሰውን ኑሮ አይቶ ስለ መናገር

የሰውን ኑሮ ሳያዩ መናገር ሐሜት ነው፤ አይተው ሳይመረምሩ መናገርም ከሐሜት እምብዛም አይርቅም። በአንድ ቀን እንግድነት የሰውን ቤት ዐወቅሁ የሚል ሰው ያየው ቤቱ የተጠረገበትን፣ ልጆቹም የታጠቡበትን ቀን ብቻ ነውና የቀሩትን ቀኖች ሊመሰክርባቸው አይችልም።

ይህን ነገር በሥራ ያስረዱ ሁለት የሲኒማ ሰዎች አሉ። እነርሱም በሰሜን መቄዶንያ የሚገኙት ሉቦሚር ስቴፋኖቭና ታማራ ኮቴቭስካ ናቸው። ሁለቱ ተባብረው ያዘጋጁት «የማር ምድር» የተባለው ፊልም እንደ ኤውሮጳ አቈጣጠር በ2019 ዓ.ም. ለሕዝብ ታየ። ፊልሙ ዶኩመንታሪ ከሚባለው ወገን ስለ ሆነ ተዋናይ የለበትም፤ ከበስተ ኋላ ሆኖ የሚያስረዳ ተራኪም የለበትም፤ ሰው በቤቱ የሚኖረውን ኑሮ እንዳለ ያሳያል እንጂ።

ሰዎቹ መጀመሪያ የተነሡት በብሬጋልኒጻ ወንዝ አካባቢ ስላለው የተፈጥሮ ሀብት አጭር ፊልም ለማዘጋጀት ነበር። በዚያ ሲዘዋወሩ ሳሉ፣ ነዋሪዎቹ ትተውት በሄዱ በቀርሊያ በሚባል መንደር፣ ሐቲጄ ሙራቶቫ የተባለች ንብ አርቢ አገኙ። ይህች ሴት ዓይኗ የደከመውንና ከመኝታዋ መነሣት የማትችለውን አሮጊት እናቷን እየጦረች፣ በገደልና በድንጋይ ካብ ውስጥ ያሉትን ንቦች እየጠበቀች ትኖር ነበር። መንደሩ መብራት የለውም። ማር በምትቈርጥበት ጊዜ እኩሌታውን ለራሷ ወስዳ እኩሌታውን ለንቦቹ ትተዋለች፤ የወሰደችውንም ወደ ስኮፕዬ ከተማ አድርሳ ትሸጣለች።

አዘጋጆቹ ይህን ባዩ ጊዜ ያሰቡትን አጭር ሥራ ትተው ሦስት ዓመት ተመላለሱ። በድንኳን እያደሩ፣ በጎጆዋም ውስጥ በመስኮት ብርሃንና በኩራዝ እየተረዱ ሥዕል አነሡ። እናትና ልጅ የሚነጋገሩበትን የቱርክ ቋንቋ አያውቁም ነበርና ፊትንና እጅን አጥብቆ መመልከት ግድ ሆነባቸው። ከ400 ሰዓት የሚበልጥ ሥዕል ሰብስበው ለተመልካች ያቀረቡት ግን አንድ ሰዓት ተኩል የሚያህለውን ብቻ ነው።

የዚህ ትዕግሥት ጥቅም በፊልሙ ታሪክ ይታያል። ሰባት ልጆች ያሉት ከብት አርቢ ከነቤተ ሰቡ መጥቶ በአጠገቧ ሰፈረ። እርሷም የንብን አያያዝ አስተማረችው፤ ለንቦቹም ማር እንዲያስቀር አስጠነቀቀችው። እርሱ ግን ነጋዴ በገፋፋው ጊዜ ሁሉንም ቈረጠ፤ የእርሱም ንቦች የእርሷን ወርረው ፈጁባት። በአንድ ቀን አይቶ የሚሄድ ሰው ይህን ጎረቤት ስግብግብ ብሎ ብቻ ባለፈው ነበር። ፊልሙ ግን ጥፋቱን ሳይሸፍን፣ የብዙ ልጆች እንጀራ በአንገቱ ላይ የተንጠለጠለበት አባት መሆኑንም ያሳያል። ለፍርድ የሚቀመጥ ሰው ሁለቱን አንድነት ማየት ያስፈልገዋል።

ሥዕሉ በሚነሣበት ዘመን እናቲቱ ዐረፈች። እንዲህ ያለውን ኀዘን ለዓለም ማሳየት ተገቢ ነውን? ብሎ የሚጠይቅ ሰው ጥያቄው ከንቱ አይደለም። ያልታወቀ ሰው ድንገት ገብቶ ቢያደርገው ነውር በሆነ ነበር። ከባለቤቲቱ ፈቃድ አግኝቶ፣ ክረምትና በጋውን አብሮ ያሳለፈ ሰው ግን ከለቅሶ ቤት ጎረቤት ይቈጠራል። ይሁን እንጂ ጎረቤትነት ዕዳ አለበት።

ፊልሙ በ2019 በአሜሪካ በሰንዳንስ የፊልም በዓል ሦስት ሽልማት አገኘ፤ በ2020ም ለኦስካር ሽልማት በዶኩመንታሪና በውጭ አገር ፊልም በሁለቱም ክፍል ታጨ። በአንድ ጊዜ ለእነዚህ ለሁለቱ የታጨ ፊልም ከዚያ በፊት አልነበረም። ምስጋናው ለአዘጋጆቹ ሲሆን ለሐቲጄ ምን ተረፋት? አዘጋጆቹ ይህን አልዘነጉም፤ ዶርፉሊያ በሚባለው መንደር ቤት እንድታገኝ አድርገዋል። ለሚቀረጸው ሰው ገንዘብ መስጠት እውነቱን ያበላሻል የሚሉ የሙያው ሰዎች አሉ። ይህ ጥንቃቄ ሥራው እስኪፈጸም ድረስ መልካም ነው፤ ከተፈጸመ በኋላ ግን ሰውየውን በችግሩ ትቶ መሄድ ቀፎውን ሙልጭ አድርጎ እንደ መቍረጥ ነው።

ይህ ነገር ለሲኒማ ሰዎች ብቻ የተነገረ አይደለም። በኢትዮጵያም ስለ ባላገሩ ኑሮ ጽፎ የሚያቀርብ ሹም፣ ስለ ምእመናንም ችግር የሚናገር ካህን፣ ሥራው ያው የሰውን ቤት ገብቶ ማየት ነው። በመኪና ደርሶ በመኪና የሚመለስ መርማሪ የሚጽፈው ወረቀት የሰውን ርስት፣ ግብርና ዕርዳታ ሊወስን ይችላልና መቸኰሉ የሚያስከፍለው ባላገሩን ነው። ስለዚህ እንዲህ ላለው ሥራ የተላከ ሰው ከመጻፉ በፊት ይሰንብት፤ ከጻፈም በኋላ የጻፈው ነገር ለተጻፈለት ሰው ምን እንዳስገኘለት ተመልሶ ይጠይቅ።