ነፃ የተባለ ሰው ለምን አይወጣም?

በነቀምቴም ሆነ በደምቢ ዶሎ ፍርድ ቤት ደጃፍ የቆመ ቤተሰብ አንዲት ቃል ይጠብቃል፤ «ተሰናብቷል»። የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 141፣ የዐቃቤ ሕግ ማስረጃ ካላስረዳ ተከሳሹ ሳይከላከል በነፃ ይለቀቅ ይላል። መልካም! ግን የፍርድ ቤትን የፍቺ ቃል ማን ይፈጽማት? በ2012 የታሰሩ ሰባት የኦነግ አመራሮች ፍርድ ቤት እንዲፈቱ እያዘዘ እስከ ነሐሴ 2016 ታስረው ቆይተዋል።

«ለጸጥታ ነው» ይባላል። ወለጋ በግጭት መክረሟን ማን ይክዳል? ነገር ግን ማስረጃ ያለው ይክሰስ፤ ትእዛዙ የከፋው ይግባኝ ይበል። ሁለቱንም ትቶ የተፈታውን መልሶ የሚይዝ ፖሊስ፣ ዳኛውንም አብሮ አስሯል። «በሕግ አምላክ» ሲባል መንገደኛ እንኳ ይቆም በነበረበት አገር፣ ሕግ አስከባሪው ሰምቶ እንዳልሰማ ይለፍ?