መለኪያውን ሳናይ አንጨምር

ከመካከላችን የኮምፒዩተሩን የግራፊክስ ካርድ ፋብሪካው ከወሰነለት ፍጥነት በላይ የሚያስሮጠው ጥቂት አይደለም። ኤምኤስአይ አፍተርበርነር የተባለው ነጻ ፕሮግራም ይህን ያስችላል፤ ያው ፕሮግራም ደግሞ ሙቀቱን፣ የማራገቢያውን ዙርና የሚበላውን ኃይል በቁጥር ያሳያል። እኛ ግን እጃችን ፍጥነቱ ላይ ነው፤ ዓይናችን ሙቀቱን አያይም።

«ካርዱ የኔ፣ ኪሳራውም የኔ» የሚል ወንድም አይጠፋም። የተቃጠለው ካርድ ግን ወዴት ይጣላል? በኮልፌ ቀራንዮ የሚገኘው ቆሼ የአዲስ አበባን ቆሻሻ ከ50 ዓመት በላይ ተሸክሟል። መሙላቱ እየታወቀ ተጨመረበት። መጋቢት 2 ቀን 2009 ዓ.ም. ክምሩ ተንዶ ከ110 የሚበልጡ ሰዎችን ቀበረ። ከሟቾቹ መካከል ሌላው የጣለውን እየለቀሙ የሚያድሩ ድሆች ይገኙ ነበር። እንግዲህ እኛ በዋዛ የምናቃጥለው ዕቃ መጨረሻው የሌላ ሰው እጅና ሳንባ ነው።

ፍጥነት አይፈለግ አንልም። ነገር ግን ፍጥነቱ ሳይለወጥ ቮልቴጁ በመቶ 10 ቢጨምር፣ ቺፑ ለሥራው የሚበላው ኃይል በመቶ 21 ያህል ይጨምራል፤ ያም ሁሉ ሙቀት ይሆናል። ስለዚህ በቅድሚያ አቧራውን እንጥረግ፤ ቮልቴጁን ጥቂት በጥቂት ዝቅ እያደረግን እንፈትን፤ ፍጥነቱንም መጨመር ካሻን ቁጥሩን እያየን በትንሽ በትንሹ እንጨምር። ካርዱ ዕድሜ ያገኛል፤ ክምሩም በአንድ ዕቃ ይቀልለታል።

ልክን ማወቅ ፍርሃት አይደለም። የተማረ ሰው ምልክቱ ነው።