ወደ ኋላ ስለሚመለስ ውኃ

«የፈሰሰ ውኃ አይታፈስም» ብለው አባቶቻችን የተናገሩት በምድር ላይ ስለሚፈስ ውኃ ነው። በቧንቧ ውስጥ ያለ ውኃ ግን ከቤት ከገባ በኋላ ስንኳ ተመልሶ ይሄዳል፤ ባለቤቱም ሳያውቀው ከጎረቤቱ ብርጭቆ ይገኛል። ዛሬ ለቤት ጌቶችና ለእመቤቶች ልናስረዳ የወደድነው የዚህን ነገር ምክንያትና መከላከያውን ነው።

ዳግማዊ ዐፄ ምኒልክ በ1880ዎቹ ዓመታት በሙሴ አልፍሬድ ኢልግ መሐንዲስነት የእንጦጦን ውኃ በቧንቧ ወደ ግቢያቸው ባስመጡ ጊዜ፣ ውኃ ዳገት መውጣቱ ለሕዝቡ እጅግ ድንቅ ነበረ። ምሥጢሩ ግን አስቸጋሪ አይደለም። ከከፍታ የተነሣና በቧንቧ የታሰረ ውኃ፣ ከላይ ያለው ክብደት ስለሚገፋው ከመነሻው ዝቅ ያለውን ዳገት ሁሉ ሊወጣ ይችላል። ስለዚህ በቧንቧ ያለ ውኃ ፊትና ኋላ የለውም፤ ግፊት ከበዛበት ስፍራ ግፊት ወዳነሰበት ይሄዳል እንጂ። ዳገቱን ያስወጣው ይኸው ሕግ፣ ግፊቱ በጠፋ ጊዜ ውኃውን ወደ መጣበት ይመልሰዋል።

መመለሱ ብቻውን ጉዳት ባልሆነም ነበር፤ ጉዳቱ ይዞት የሚመለሰው ነገር ነው። ከጋን ጠላ በጎማ የሚቀዳ ሰው አንድ ጊዜ በአፉ ከሳበው በኋላ ጠላው በራሱ ይወርዳል። እንደዚሁም ሁሉ የታችኛው ቧንቧ ውኃው ወርዶ ባዶ ሲሆን የላይኛውን ይስባል። በዚያች ሰዓት በላይኛው ቤት የጎማው ጫፍ ልብስ በሚታጠብበት ገንዳ ውስጥ ተነክሮ የተገኘ እንደ ሆነ፣ እድፉ ከሳሙናው ጋራ ወደ መንገዱ ቧንቧ ይገባል። ቧንቧው በመሬት ውስጥ ተሰንጥቆ በአጠገቡም የመጸዳጃ ፍሳሽ ያለ እንደ ሆነ ደግሞ፣ ስንጥቁ ያንኑ ይመጠምጣል። ውኃው እንደ ገና በመጣ ጊዜ ይህ ሁሉ ወደ ጎረቤት ቤት ይገፋል።

ይህ ነገር ለአራዳና ለፒያሳ ነዋሪ ይልቁንም ሊታሰብበት የሚገባ ነው። ከቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ወደ ራስ መኮንን ድልድይ የሚወርደውን ቁልቁለት የሚያውቅ ሁሉ፣ ውኃ በተቋረጠ ጊዜ የላይኛው ሰው ቧንቧ ወደ ታችኛው እንደሚራቆት ለመረዳት አይቸግረውም። በከተማችን በብዙ ሠፈር ውኃ የሚደርሰው በፈረቃ ስለ ሆነ፣ ቧንቧው የሚሞላበትና የሚጎድልበት ጊዜ ይፈራረቃል። በዚህም ላይ አንዳንድ ሰው በተለምዶ ዲናሞ የሚባለውን የውኃ መሳቢያ ሞተር በቀጥታ ከመንገዱ ቧንቧ ጋራ አገናኝቶ ይስባል። ይህ ሰው የሚስበው ውኃውን ብቻ አይደለም፤ በጎረቤቱ ገንዳ ያለውንና በስንጥቁ አጠገብ የተጠራቀመውንም ነው።

በውጭ አገር የደረሰውን ብንመለከት ነገሩ ተረት እንዳይደለ እንረዳለን። እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ1933 በአሜሪካ በቺካጎ ከተማ፣ በሁለት ታላላቅ ሆቴሎች የፍሳሹና የመጠጡ ቧንቧ ተገናኝቶ በመገኘቱ ከ1,000 የሚበልጡ ሰዎች በአሜባ ታመሙ፤ 98 ያህሉም ሞቱ። እንደዚሁም በ1969 በዎርሴስተር ከተማ፣ በሆሊ ክሮስ ኮሌጅ 90 የሚሆኑ የእግር ኳስ ተጫዋቾችና አሠልጣኞች በጉበት በሽታ ተያዙ። ምክንያቱ ሲመረመር፣ በአቅራቢያው እሳት ለማጥፋት ብዙ ውኃ በአንድ ጊዜ ስለ ተሳበ የቧንቧው ግፊት ወርዶ፣ ሣር ማጠጫው ካለበት ጉድጓድ የረከሰ ውኃ ወደ መጠጡ ቧንቧ መግባቱ ተገለጠ። እሳት ለእኛም ሠፈር እንግዳ አይደለም፤ በጥር ወር 2007 ዓ. ም. የእቴጌ ጣይቱ ሆቴል በእሳት መጎዳቱ የሚታወስ ነው።

መከላከያው ከብዙ ወጪ የሚያገባ አይደለም። መጀመሪያውና ከሁሉ የታመነው የአየር ክፍተት ነው። ይኸውም ውኃ የሚያወርደው የቧንቧ አፍ ከታንከሩ ውኃ እንዳይነካ፣ ከታንከሩ ከንፈር ቢያንስ የአፉን ስፋት እጥፍ ከፍ ብሎ እንዲቆም ማድረግ ነው። አየርን ዘልሎ የሚመለስ ውኃ የለምና። ሁለተኛው የቧንቧ ሠራተኞች ቼክ ቫልቭ የሚሉት፣ ከቆጣሪው ቀጥሎ የሚገባ ትንሽ መዝጊያ ነው። ውኃው ወደ ቤት ሲመጣ ይከፈታል፤ ሊመለስ ሲል ግን ውኃው ራሱ ገፍቶ ይዘጋዋል። ፈጣሪ በልባችን ውስጥ ደም እንዳይመለስ ያኖራቸው አራቱ መዝጊያዎች ሥራቸው ይኸው ነው። ነገር ግን አሸዋ ወይም ዝገት የገባበት መዝጊያ አጥብቆ ስለማይዘጋ፣ በየዓመቱ ማስመርመር ያስፈልጋል። ሐኪም ቤትና ፋብሪካ ላላቸው ደግሞ አንድ መዝጊያ አይበቃም፤ ሁለት መዝጊያ ያለውና በመካከሉ የተበላሸውን ውኃ ወደ ውጭ የሚያፈስ በር የተሠራለት መሣሪያ ይገባቸዋል። ሦስተኛው፣ ሞተር የሚያስፈልገው ሰው ከመንገዱ ቧንቧ ሳይሆን ከገዛ ታንከሩ ይሳብ።

በ2016 ዓ. ም. በፒያሳ ብዙ አሮጌ ቤቶች ፈርሰው መንገዱ ሰፍቷል። አዲስ ቤት የሚሠራ ሰው ይህን መዝጊያ ከመጀመሪያው ቢያስገባ፣ ኋላ ግድግዳና ወለል ከማፍረስ ይድናል።

ውኃው በገፈርሳና በለገዳዲ ማጣሪያ ተጣርቶ፣ መድኀኒት ተጨምሮበት ይላክልናል። ከቆጣሪው ወዲህ ያለው ጥበቃ ግን የየቤቱ ጌታ ነው። በ1952 ዓ. ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በ2028ኛው ቍጥር፣ በጥፋቱ በሌላው ላይ ጉዳት ያደረሰ ሰው እንዲክስ ያዝዛል። ይሁን እንጂ በችሎት ዘንድ የሚታየው ችግር ማስረጃ ነው። አጥር የገፋ ሰው በምልክቱ ይያዛል፤ ከብቱ አዝመራ የበላበት ሰው በዱካው ይረታል። በሌሊት ወደ ኋላ ተመልሶ በማለዳ የጎረቤትን ልጅ ያሳመመ ውኃ ግን ከማን ገንዳ እንደ መጣ የሚመሰክር አይገኝም። ከሳሽና ተከሳሽ የማይታወቁበትን በደል ዳኛ ሊያቆመው አይችልም፤ ሊያቆመው የሚችል ያችን ትንሽ መዝጊያ ያስገባ ሰው ብቻ ነው።

ሳይቃጠል በቅጠል ነውና፣ አንባቢ ሆይ፣ ዛሬ ማታ ሳይመሽ ወደ ግቢዎ ወጥተው የጎማው ጫፍ ከገንዳ ወይም ከባልዲ ውስጥ ተነክሮ እንደ ሆነ ይመልከቱ። ተነክሮ ቢያገኙት አውጥተው ይስቀሉት፤ ነገም የቧንቧ ሠራተኛ አስጠርተው ከቆጣሪው ቀጥሎ መዝጊያ መኖሩን ያስመርምሩ።